ለእናቴ የፈረሰውን ሰፈራችንን ያሳየሁበት ቀን

ዛሬ እናቴ የኮምፒውተሬን ስክሪን በጣቷ ነክታ «ይሄ እኮ የእኛ በር ነው» አለች።

ሥራዬ የፊልም ቪዥዋል ኢፌክት መምራት ነው፤ ካሜራ ሊያገኘው ያልቻለውን በኮምፒውተር እንሠራለን። (እናቴ ለጎረቤት የምትለው «ኮምፒውተር ትጠግናለች» ነው።)

በያዝነው ፊልም ላይ ከእንጦጦ ቁልቁል የካ ይታያል። ዳይሬክተሩ በቦታው የድሮው ሰፈር እንዲመለስ ፈለገ። እኔ ያደግኩበት፣ ከፈረሰ ዓመታት ያለፉት ሰፈር ነው። በቂ ፎቶ ስላላገኘን እናቴን ጉርድ ሾላ ወዳለው ቢሯችን ወሰድኳትና በኮምፒውተር የሠራናቸውን ቤቶች አቅርቤ አሳየኋት።

የቆርቆሮውን ቀለምና የአጥሩን መዝመም አረመችልኝ። ከዚያ ወደ ደጃፉ እያመለከተች «አባትሽስ?» አለች።

አባቴ ከትምህርት ቤት እስክንመለስ ደጃፍ ላይ ቁጭ ብሎ ይጠብቀን ነበር። ያረፈው ሰፈሩ ሳይፈርስ ነው።

«እማዬ፣ ከእንጦጦ ላይ ሆኖ እኮ ማንም አይለየውም» አልኳት።

«እኔ እለየዋለሁ።»

ከሸኘኋት በኋላ ደጃፉ ላይ አንድ ሰው አስቀመጥኩ። በፊልሙ ላይ ከጤፍ ፍሬ አይበልጥም። እኔ ግን አቅርቤ እያየሁት ነው፤ ፋይሉን መዝጋት አቃተኝ።

የእናንተ ሰፈር ቢመለስ ደጃፉ ላይ ማንን ታስቀምጡ ነበር?