ፊልም ቆራጯ

ከአዲስ አበባ በወጣሁበት ምሽት እናቴ ሻንጣዬ ውስጥ በርበሬ ስትጨምር፣ እኔ ነጭ የጥጥ ጓንቶቼን ከሥር ሸጎጥኩ። ፊልም በባዶ እጅ አይነካም፤ አሻራ ይይዛል። በእነዚያ ጓንቶች ፓሪስ ስድስት ዓመት የፈረንሳዮችን ፊልም ስቆርጥና ስቀጥል ኖሬ፣ “አገሬ ልሥራ” ብዬ የተመለስኩ ጅል ነኝ። ወንድሜ ታሰረ፣ እኔም ተፈለግሁ። ፓሪስ ቪዛ ከለከለችኝ፤ ለንደን ሰጠችኝ።

“ሙያ ያለው ሰው የትም አይወድቅም” አለች እናቴ። አመንኳት።

ጥገኝነት አፕላይ ባደረግሁ በወሩ ለኢንተርቪው ተጠራሁ። አስተርጓሚው በንጉሡ ዘመን መጥተው ለንደን፣ ስቶክዌል ሰፈር የቀሩ ሽማግሌ ናቸው።

“ሥራሽ ምን ነበር?” አሉኝ፣ የእንግሊዙን ሹም ጥያቄ ተርጉመው።

“ፊልም ቆራጭ ነበርኩ፣ ጋሼ።”

ፊታቸው ጠቆረ። እሳቸው አገር ሲለቁ ፊልም ቆራጭ ማለት ሳንሱር ነበር። እንደዚያው አድርገው ተረጎሙልኝ። ሹሙ ብዕሩን አነሳ።

“ምን ምኑን ነበር የምትቆርጪው?”

“የማያስፈልገውን።”

“ቁረጪ ብሎ የሚያዝሽስ?”

“ዳይሬክተሩ ነዋ!”

“የየትኛው መሥሪያ ቤት ዳይሬክተር?”

ሳቄ መጣ። መሳቄም ተጻፈ። የመጣው ደብዳቤ “ያሳድደኛል የምትለውን መንግሥት በሳንሱርነት አገልግላለች” ይላል።

ይግባኙ ሦስት ዓመት ፈጀ። ሽማግሌውን ቤተ ክርስቲያን አግኝቼ ብጠይቃቸው፣ “ልጄ፣ ያልሽኝን ነው ያልኩት” አሉኝ። እስከ ዛሬ ይቅር አላልኳቸውም፤ ቅዳሴም ቆሜ ማስቀደስ አልቻልኩም።

የመኖሪያ ወረቀቱ ሲመጣ ደግሞ ሰዉ ሁሉ ፊልም በኮምፒውተር መቁረጥ ጀምሯል። “ጓንት? ለምንሽ ነው?” ብሎ የሳቀብኝ አለ። ሙያ በልብ ነው ይባላል፤ የኔው እዚያው በልብ ቀረ። ኬንቲሽ ታውን ሰፈር አጠገብ ያለ ሲኒማ ቤት በር ላይ ትኬት ቆራጭ አድርጎ ቀጠረኝ።

ባለፈው ሳምንት፣ ፓሪስ ሳለሁ የቆረጥኩት ፊልም እዚያው ሲኒማ ቤት መጣ። ፊልሙ ውስጥ አንዲት ሴት የመጣላትን ደብዳቤ ሳትከፍት የምታስቀምጥበት ቦታ አለ፤ በአቆራረጡ ከዳይሬክተሩ ጋር ሁለት ቀን ተጣልቻለሁ። ሰዉ ትንፋሹን ውጦ አየው። የኔ ስም የሚመጣው መጨረሻ ላይ ነው፤ ግድግዳ ተደግፌ ጠበቅሁ።

“ላይቱን አብሪ እንጂ!” አለ ማናጀሩ። “ሊጠረግ ነው!”

“ስሜ ይለፍና።”

“የምን ስም?”

ራሱ አበራው። በበራ ቤት ምን ይነበባል? ያን ቀን ብረት ቢሰጡኝ በጥርሴ እቆርጠው ነበር።

እሁድ ለእናቴ ደወልኩ።

“ሥራ አገኘሽ ወይ፣ የኔ ልጅ?”

“አገኘሁ።”

“በሙያሽ?”



“ሲኒማ ቤት ነኝ፣ እማዬ። ቆራጭ ነኝ።”

“ተመስገን! ብዬሽ አልነበር?” እልል አለች። “ጓንቶቹን ስትሸጉጪ አይቼሽ ነበር። ታጠልቂያቸዋለሽ?”

“አጠልቃቸዋለሁ፣ እማዬ። በሩ ላይ ብርድ ነው።”