አባቴ እናቴን የከለከላት ይቅርታ

በዚያ ክፉ ዓመት ቆቦ ላይ ሰው በረሃብ ሲያልቅ፣ አባቴን ሊወስደው የመጣው የረጋ ደም ነበር። አንድ ማለዳ ሊነሳ ሲል ግራ እግሩ አልታዘዘው አለ። ብንነካው እንደ ወንዝ ድንጋይ ቀዝቅዟል። ደግነቱ የእርዳታ እህል ዋጃ ከተማ አራግፎ ባዶውን ወደ ደሴ የሚመለስ መኪና አገኘንና፣ እናቴ፣ አጎቴና እኔ ደግፈን ሆስፒታል አደረስነው።

ሐኪሙ ሦስታችንን ኮሪደር ላይ አነጋገረን። ደም ረግቶ የእግሩን የደም ሥር ዘግቶታል፤ ካልወጣ እግሩም እሱም አይተርፉም። ቀጥሎ ሳይሸፋፍን፣ ቀዶ ጥገናው ራሱ ሊገድለው እንደሚችል ነገረን። ልቡ ደካማ ነው፤ የራሱን የምግብ ድርሻ ለልጆቼ እያሳለፈ ሰውነቱም አልቋል። አጎቴ ይሁን አለ። እኛ ዘንድ ግን ለበሽተኛ እንዲህ ያለ ነገር አይነገርም። አጎቴ «ትንሽ መብጣት ነው» ከማለት ሌላ ቃል እንዳይወጣን አስማለንና ገባን።

ምሥጢሩን ያወጣው ራሱ አጎቴ ነው። አልጋው ላይ ጎንበስ ብሎ፣ በመስኖ ውሃ ተራ የተጣሉትን አሮጌ ጠብ አነሳና አውፍ በለኝ፣ ይቅር በለኝ አለው። አባቴም አውፍ አለው። እኔም አላስችል ብሎኝ፣ በሰርጌ ሰሞን የመለስኩለትን ክፉ ቃል አንስቼ አውፍ አስባልኩት። ሞት ከሚያሰጋው ሰው ይህን ሳይጠይቁ መለየት አይሆንልንም። አባቴ ተራ በተራ አየንና ፈገግ አለ፤ ገብቶታል።

እናቴ መጨረሻ ላይ ቀረበች።

«አውፍ በለኝ» አለችው።

«አልልም» አላት። «ስመለስ እንነጋገራለን።»

ወዲያው መጥተው ወሰዱት።

እናቴ ግድግዳውን ተደግፋ ቁጭ አለች። እዚያው ውስጥ ከቀረ፣ አውፍ ሳትባል ዕድሜዋን ልትገፋ ነው። እየደጋገመች የምትለው ይህንኑ ነበር። እኔ ሐዘኔን ረስቼ በአባቴ ተናደድኩ። ሰው በዚህ ሰዓት ይቀልዳል?

በሩ ሲከፈት ሐኪሙ ላብ በላብ ሆኖ ይስቃል። ደሙ ወጥቷል፣ እግሩ መሞቅ ጀምሯል፤ ገና የሚያሰጋ ነገር ቢኖርም ከባዱን አልፏል አለን። አልሐምዱሊላህ ብዬ መሬት ላይ ዘፍ አልኩ። አጎቴ እንደ ሕፃን አለቀሰ። በሕይወቴ እንደዚያን ቀን ደስ ብሎኝ አያውቅም።

አባቴ ሲነቃ በዓይኑ የፈለገው እናቴን ነው።

«አውፍ ብዬሻለሁ» አላት ድምፁ ሰልሎ። «ያላለቀ ጣጣ ትቼ ብሄድ ጣጣው ይመልሰኛል ብዬ ነው የከለከልኩሽ።»

እናቴ ያን የሞቀ እግር በሁለት እጇ ያዘች። እንባዋ ይወርዳል፣ አፏ ግን ሳቅ ሳቅ ይለዋል።

«እኔ ደግሞ ላንተ አውፍ አልልም» አለችው። «ዕድሜህን ሙሉ ስትለምነኝ ኑር።»