የአሥራት አልጋ

አዲስ ሸራ ከጥቅሉ ሲፈታ የሚሸተውን ሽታ ታውቁታላችሁ? ላስቲክ ላስቲክ የሚል፣ አፍንጫ የሚቆነጥጥ ሽታ ነው። ጂማ፣ መንደራ ቆጪ ሰፈር ባለችው ሱቄ ቀኑን ሙሉ ሸራ ስሸጥ ስለምውል ለምጄዋለሁ ማለት ነበረብኝ። ግን ደንበኛ «እስቲ ፍቺልኝ፣ ስፋቱን ልየው» ባለኝ ቁጥር እጄ ይዘረጋል፣ እኔ ግን እዚያ የለሁም። የአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ ሆኜ ሰርቦ ጓሯችን ውስጥ እሮጣለሁ። በር ላይ ባጃጅ ጡሩምባውን ሲነፋ ነው የምመለሰው።

አባቴ ከከምባታ ተነስቶ ሰርቦ የመጣው ለአንድ የለቀማ ወቅት ነበር። መጣ፣ ቀረ፣ እየቆየ ትንሽ የቡና ማሳ ያዘ። ጴንጤ ነበር፤ እሁድ እጁ ሥራ አይነካም። ከአጥሩ ወዲያ ያሉት ጎረቤታችን ደግሞ ሙስሊም ነበሩ፤ አርብ ሰባት ሰዓት ላይ ሰማይ ቢደረመስ የሚገኙት መስጊድ ነው። ቡና ግን አርብም እሁድም አያውቅም። ከነቅርፊቱ የሚደርቀውን ጀንፈል ከእንጨትና ከወንፊት ሽቦ በተሠራ ቆጥ ላይ ነበር የምናሰጣው፤ አልጋ እንለዋለን። መገላበጥ ይፈልጋል፤ ደመና ሲመጣ ደግሞ ቶሎ መሸፈን አለበት። ስለዚህ ሁለቱ ሰዎች ተስማሙ። አርብ የእነሱን አልጋ እኛ እንጠብቃለን፣ እሁድ የእኛን እነሱ። ሕጉ አንድ ብቻ ነበር፦ ዝናብ ከመጣ መጀመሪያ የሚሸፈነው የጎረቤት አልጋ ነው። «የራስሽማ ቢበላሽ የምትቆጪው ራስሽን ነው» ይለኝ ነበር አባቴ።

እኛ አራት አልጋ ነበረን። ከአራቱ ጫፍ ላይ ያለችው አጭሯ የአሥራት ነበረች። አባቴ ከቀዩ እሸት ውስጥ ቀዩን እየመረጠ እሷ ላይ ያሰጣል፤ ሲደርቅ ለቤተ ክርስቲያን ይሰጣል። ጎረቤታችን ሁለት አልጋ ነበራቸው። ለሐጅ ጉዞ ዓመታት ሲያጠራቅሙ ኖረው የቀረችውን ጉድለት የሚሞላላቸው የዚያ ዓመት ቡና ነበር። ይህን ሰፈሩ በሙሉ ያውቃል። «ዘንድሮ ኢንሻአላህ» ሲሉ ፊታቸው ላይ የሚመጣውን ነገር አሁንም አያለሁ፤ የበዓል ልብስ የተገዛለት ሕፃን ነበር የሚመስሉት።

ያን አርብ የጠዋት ፈረቃ ተማሪ ስለነበርኩ ቤት ነበርኩ። አባቴና እናቴ እታች ማሳ ላይ ለቀማ ላይ ናቸው። የጎረቤታችን ሚስት ልጃቸው ወልዳ ጂማ አራስ ጥየቃ ሄደዋል። ጎረቤታችን ነጭ ጀለቢያቸውን ለብሰው፣ ወንዶች ልጆቻቸውን አስከትለው፣ በአጥሩ ቀዳዳ ብቅ አሉና «ኢንታላ፣ አንቺ ልጅ፣ አደራ» ብለውኝ ሄዱ።

ሰማዩ ጥርት ያለ ነበር። ከመስጊዱ የሚመጣውን የድምፅ ማጉያ እየሰማሁ የጎረቤትንም የእኛንም አልጋ እየዞርኩ አገላበጥኩ። ሊሰበሰብ የደረሰ ጀንፈል ሲነካ ይንኳኳል፤ ያን ድምፅ እወደው ነበር። ከዚያ ነፋስ መጣ፣ ብርሃኑ ደብዘዝ አለ፣ ቆርቆሯችን ላይ ጠብ ጠብ ማለት ጀመረ። ሸራ ታቅፌ ወደ አጥሩ ሮጥኩ። ሮጥኩ ነው የምለው፤ እስከ መሃል ድረስ። መሃል ላይ የአሥራቷን አልጋ አየኋት።

የእግዚአብሔር ናት። ጎረቤት ቢሆንም ከእግዚአብሔር አይቀድምም ብዬ አሰብኩ፤ በሰንበት ትምህርት ቤት ጎበዝ ነበርኩ እኮ። ሸፈንኳት። እዚያ ላይ አብቅቼ ብሄድ ኖሮ ይህን ሁሉ ዓመት ባልተሸከምኩት። ግን ቀጥላ ያለችው የእኛው አልጋ እዚያው እጄ ሥር ነበረች። እሷንም ሸፈንኩ። ከዚያ ሦስተኛዋን። ከዚያ አራተኛዋን። በአጥሩ ቀዳዳ ስሾልክ ዝናቡ እየተደፋ ነበር፤ የጎረቤታችን አልጋዎች ከሥራቸው ቡናማ ውሃ ያንጠባጥባሉ። ደንግጬ በረጠበው ቡና ላይ ሸራ ደረብኩበት። እሱም ሌላ ጥፋት ነበር፤ ቡናው ታፍኖ እስኪሻግት ቀን አልፈጀም።

ጎረቤታችን በበሰበሰ ጀለቢያ መጡ። ሸራውን ገለጥ አድርገው አንድ እፍኝ አነሱ፣ አሸተቱ፣ መልሰው በቀስታ አስቀመጡት። ከዚያ በአጥሩ ላይ ወደ እኛ አልጋዎች አዩ።

«የትኛዋን ነው መጀመሪያ የሸፈንሽው?»

«የአሥራቷን… የእግዚአብሔር ስለሆነች።»

«እሺ፣ አንዷ የእግዚአብሔር ናት» አሉ። «ሦስቱስ?»

ድምፃቸውን ከፍ እንኳ አላደረጉም። ቢመቱኝ ይሻለኝ ነበር።

ማታ አባቴ ነገሩን ሰምቶ እራት አልበላም። በማግስቱ የአሥራቷን ቡና በሙሉ በጆንያ አድርጎ ተሸከመና «ተከተይኝ» አለኝ። እጎረቤታችን በር ላይ አወረደው። «ለጌታ የሚሰጥ ነገር በሰው ጉዳት አይደርቅም። አደራም የእሱ ነው። ውሰድ» አላቸው።

ጎረቤታችን ጆንያውን አዩ፣ አባቴን አዩ፤ ከዚያ ሳቅ አመለጣቸው። «አንተ ሰውዬ፣ የቸርቻችሁን ቡና ሸጬ ካዕባ ልዙር? እዚያ ስደርስ ምን ልበል?» አባቴም ሳይወድ ሳቀ። «ውሰደው ለባለቤቱ» አሉት። «ማል ቀባ፣ ምን አለበት፣ ዘንድሮ አላህ አልፈቀደውም።» ሳቃቸው ግን ቶሎ ነው ያለቀው። ያን ዓመት አልሄዱም።

በሚቀጥለው እሁድ ጸሎት ቤት በር አጠገብ ተቀምጬ ሰማይ ሰማዩን ሳይ፣ መዝሙር መሃል ዝናብ ጀመረ። ዛሬ ማን ይሸፍንልናል ብዬ ተነስቼ ሮጥኩ። ስደርስ አራቱም አልጋዎቻችን ተሸፍነዋል፤ ሸራው ጠርዝ ላይ ሳይቀር ድንጋይ ተጭኖበታል። ጎረቤታችንና ልጆቻቸው አዲስ ለቅመው ያሰጡትን የራሳቸውን ሊሸፍኑ ገና በአጥሩ እየሾለኩ ነበር። ዞር ብለው አዩኝና «ሂጂ፣ ጸሎትሽን ጨርሺ» አሉኝ። ይቅርታ ልላቸው ፈልጌ ነበር፤ ዞሬ ወደ ጸሎት ቤት ሮጥኩ።

ሳልላቸው አደግኩ፣ ጂማ ገባሁ፣ ሱቅ ከፈትኩ። አንድ ቀን ደንበኛ ሸራ አስፈትቶ ትቶብኝ ሄዶ እየጠቀለልኩ ሳለ ባጃጅ በሬ ላይ ቆመ። ጎረቤታችን ነበሩ፤ ጢማቸው ነጭ ሆኗል፣ ከዘራ ይዘዋል። ልቀመጥ እንኳ አላሉም።

«ሐጅ ልሄድ ነው» አሉኝ።

ከደስታዬ ብዛት እጄን አፌ ላይ ጫንኩ። ሐጅ የሚሄድ ሰው ያስቀየመውን ሁሉ እየዞረ ይቅርታ እንደሚጠይቅ አውቃለሁ። እኔ ጋ ምን አመጣቸው? ለስንብት መስሎኝ ነበር።

«ያን አርብ ‹ሦስቱስ?› ብዬሽ ነበር» አሉ። «ልጅ ነበርሽ። አንገትሽን ስትደፊ አይቼ ሄድኩ። አፉ በይኝ።»

«እኔ ነኝ እንጂ!» አልኩ። «ጉዞዎን ያስቀረሁብዎት እኔ ነኝ፣ እርስዎ ነዎት አፉ የሚሉኝ።»

«እኔማ ብያለሁ፣ ያን እሁድ ድንጋዩን ስጭን» አሉ። «አሁን ያንቺ ነው የቀረው። በይ፣ ባጃጁ ይጠብቀኛል።»

አልኳቸው። እያለቀስኩ ነው ያልኳቸው። ሄደው በሰላም ተመለሱ፤ ከዚያም ብዙ ሳይቆዩ አረፉ። ሰርቦ ግን አርብና እሁድ አሁንም እንዳሉ ናቸው፤ በአጥሩ ቀዳዳ የሚሾልኩት የእሳቸው ልጅና የእኔ ወንድም ናቸው። ባለፈው ወንድሜ ሸራ ሊወስድ መጥቶ ለአራት አልጋ የሚበቃ ለካሁለት። «ስድስት አድርጊው፣ የእነሱንም ጨምሪ» አለኝ።

መጀመሪያ የቆረጥኩት ሁለቱን ነው።