አላውቃትም ያልኩበት ፏፏቴ

ከንጋቱ 11 ሰዓት ከሩብ፣ አውሮራ፣ ዴንቨር ዳር

ከቤት የወጣሁት ጎረቤት ሳይነሳ ነው። አዲሱ የተራራ ጫማዬ ገና አልለመደኝም፤ ደረጃውን ስወርድ እንደ ፈረስ ኮቴ ይንኳኳል። ቦርሳዬ ውስጥ ሁለት ጠርሙስ ውሃ፣ የዝናብ ጃኬት፣ ብርቱካንና ፕሪንት ያደረግኩት የመመዝገቢያ ወረቀት አለ። ሃቫና ስትሪት ባዶ ነው። ጭር ባለው መንገድ ላይ ቀዩ መብራት እኔን ብቻ አቁሞ ይገትረኛል።

የት ልትሄድ ነው ትሉኝ እንደሆነ፣ በአስጎብኚ የሚመራ የአንድ ቀን የተራራ የእግር ጉዞ ነው፤ መጨረሻው ፏፏቴ። ዴንቨር ሃያ ስድስት ዓመት ስኖር እነዚያን ተራሮች ያየኋቸው ዳውንታውን ከምሠራበት የፓርኪንግ ጋራዥ ጣሪያ ላይ ሆኜ ብቻ ነው። አሁን በስተርጅና ምን ነካህ ብትሉኝ አትሳሳቱም። አስጎብኚዋ ልጄ ናት። ስምንት ወር ሙሉ ስልኬን አላነሳችም። ቤቷ ብሄድ በሯን አትከፍትልኝም፤ ደንበኛ ሆኜ ብሄድ ግን ልታባርረኝ አትችልም ብዬ ተመዘገብኩ። ፊት ለፊት ቆሜ ይቅርታ ልላት ነው የምሄደው።

ይህን የማኅበረሰባችንን ገጽ ከምታነቡት ብዙዎቻችሁ ታውቁኛላችሁ። እሁድ እሁድ ከቅዳሴ በኋላ «ዶክተሯ እንዴት ናት?» ትሉኛላችሁ። እኔም «እግዚአብሔር ይመስገን፣ ካሊፎርኒያ ናት፤ ትምህርቱ ፋታ አልሰጣት አለ» እላለሁ። ሶልያና ካሊፎርኒያ ሄዳ አታውቅም። የሕክምና ትምህርቷን በሁለተኛው ዓመት አቁማ ተራራ ላይ ሰው መምራት ጀመረች። እኔ ነኝ ካሊፎርኒያ የላክኋት፣ በአፌ። ከስምንት ወር በፊት በአንድ ወዳጃችን ልጅ ምርቃት ላይ አንዱ «ዶክተር፣ ከካሊፎርኒያ መቼ ገባሽ?» ሲላት ጉዴ ፈላ። ወደኔ ዞራ «አባቢ፣ ትምህርት ነው እኮ ያቆምኩት፤ አልሞትኩም» አለችኝ። ሳህኗን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጣ ወጣች፤ በዚያው ቀረች።

ከጠዋቱ 12 ሰዓት ተኩል፣ ዳውንታውን

መኪናዬን እዚያው የምሠራበት ጋራዥ ፓርክ አድርጌ ሁለት ብሎክ በእግሬ ሄድኩ። ነጩ ቫን ቆሟል። ሶልያና ጸጉሯን አጭር ተቆርጣለች፣ ኮፍያ አድርጋለች፣ ፊቷ በፀሐይ ጠቁሯል። ከስታብኛለች። ስም ዝርዝሩን ይዛ በር ላይ ቆማለች።

«ሚስተር መኮንን?» አለችኝ በእንግሊዝኛ።

«አዎ።»

«ፊርማ ይጎድላል፣ ሰር። እዚህ ጋ ይፈርሙ።»

ሰር! የገዛ ልጄ። ወረቀቱን ሰጠችኝ። አደጋ ቢደርስ የሚጠራ ሰው ከሚለው ጎን የሞላሁት እንዳለ ነው፤ ስም ሶልያና መኮንን፣ ዝምድና ልጅ፣ ስልክ የእሷው። ሌላ ማንን ልጻፍ? እናቷ ካረፈች ዘጠኝ ዓመቷ ነው። ሶልያና ያንን መስመር እንዳነበበችው ታውቆኛል። «ሶሊ» ብዬ ስጀምር ከኋላዬ በአማርኛ «አቶ መኮንን! ምን እግር ጣለዎት?» የሚል ድምፅ ሰማሁ።

ወይዘሮ ጽጌ! ሃቫና ላይ የቅመም ሱቅ ያላቸው፣ አስመራ ተወልደው አዲስ አበባ የተማሩ፣ በቤተ ክርስቲያናችን የማያውቁት ሰው የሌለ ሴት። ለጉልበታቸው ሐኪም ይራመዱ ብሏቸው ኖሮ ልጃቸው ለእናቶች ቀን ይህን ጉዞ ስጦታ ሰጥቷቸዋል። የእሳቸው ልጅ ተራራ ይጋብዛል፣ የእኔዋ ሰር ትለኛለች።

ወይዘሮ ጽጌ ወደ ሶልያና ዞረው «እንደምን አደርሽ፣ የኔ ልጅ» አሏት። እሷም በአማርኛ «እግዚአብሔር ይመስገን» ብላ እጃቸውን ይዛ ወደ ቫኑ አስገባቻቸው። እኔ ይቅርታዬን ውጬ ከኋላ ተቀመጥኩ።

2 ሰዓት፣ አይ-70 አውራ ጎዳና ላይ

ዳገቱ ሲጀምር ጆሮዬ ድፍን አለ። ግራና ቀኙ ጥድ ነው፤ በመሀሉ ቅጠሉ ቢጫ መሆን የጀመረ አስፐን የሚባል ዛፍ። ከፊት ከሹፌሯ ከልጄ ጎን አንድ ሽማግሌ ጃፓናዊ ተቀምጠዋል፤ ሚስተር ሞሪ ይባላሉ፣ ዴንቨር የመጡት የልጅ ልጃቸውን ለማየት ነው። አገራቸውም ከፍታ ላይ እንዲህ ያለ መንገድና ፏፏቴ እንዳለ፣ ጡረታ ከወጡ ወዲህ እዚያ ሰው እየመሩ እንደሚውሉ በእንግሊዝኛ ቃል እየመረጡ ነገሯት። ሶልያና ሳቀች። ያንን ሳቅ ከሰማሁ ስንት ጊዜዬ!

ወይዘሮ ጽጌ ወደኔ ጠጋ ብለው «ይቺ ልጅ የኛው ቤተ ክርስቲያን ልጅ ናት አይደል?» አሉኝ።

«እንጃ» አልኩ። «ዘንድሮ ልጆቹ ሁሉ ይመሳሰላሉ።» ወደ መስኮቱ ዞርኩ። በሹፌሩ መስታወት ውስጥ የሶልያና ዓይን አንዴ ብልጭ ብሎ ወደ መንገዱ ተመለሰ።

3 ሰዓት ተኩል፣ ዳገቱ

ዘጠኝ ሰዎች ነን። ሶልያና ከፊት፣ እኔ ከመጨረሻ። ሰማዩ ጥርት ያለ፣ አየሩ ጥድ ጥድ ይሸታል። ግማሽ ሰዓት ሳንሄድ ትንፋሼ ቁርጥ ቁርጥ ይል ጀመር። እንዳይታወቅብኝ አፌን ገጥሜ በአፍንጫዬ ልተነፍስ ብል ጭራሽ ልታነቅ ነው።

ሶልያና ቆመች። አንድ ሐምራዊ አበባ አሳይታ ስሙን፣ ሥሩን፣ በረዶ ሲሆን እንዴት እንደሚተርፍ አምስት ደቂቃ ሙሉ አብራራች። ሰዎቹ ፎቶ ያነሳሉ። እኔ ድንጋይ ላይ ቁጭ ስል ነፍሴ ተመለሰች። እንደገና ሄድን፤ ትንፋሼ እንደገና አጠረ፤ እንደገና ሌላ አበባ ተገኘ። ሦስተኛው ላይ ገባኝ። ያ ሁሉ አበባ ለእኔ ነበር። ማንም ሳያውቅብኝ ታሳርፈኛለች። አንጀቴን በላችው።

ሥራዋን ስታዩት ደግሞ ታስቀናለች። የወይዘሮ ጽጌን ጫማ ማሰሪያ ተንበርክካ ታጠብቃለች፣ የአንዷን ተረከዝ ሳይላጥ በፊት ፕላስተር ትለጥፍበታለች፣ ደመናውን አይታ በስንት ሰዓት እንደሚዘንብ ትናገራለች። ይህን ነው እኔ ከእናንተ የደበቅኩት። እንደ ነውር!

6 ሰዓት፣ ፏፏቴው

ከመታየቱ በፊት ይሰማል። መታጠፊያውን ስናልፍ ከጥቁር ቋጥኝ ላይ በሁለት ተከፍሎ ይወርዳል፤ እርጥበቱ ፊታችንን አጠበው። ሚስተር ሞሪ ኮፍያቸውን አውልቀው እጅ ነሱት። ሶልያና ምሳ አደለች፤ የተርኪ ዶሮ ሳንድዊች፣ ፖም፣ ኩኪ። የእኔ ላይ ማዮኔዝ የለበትም። ማዮኔዝ እንደማልወድ በወረቀቱ ላይ አልሞላሁም።

አንዷ ተጓዥ «ተራራ መውጣት የት ተማርሽ?» ብላ ጠየቀቻት።

«ዳውንታውን» አለች ሶልያና። «ፓርኪንግ ጋራዥ ውስጥ። ሕፃን ሆኜ የሚጠብቀኝ ሲጠፋ ቅዳሜ ቅዳሜ አባቴ ሥራ ይዞኝ ይሄድ ነበር። ስድስቱን ፎቅ በመኪናው መውጫ እየተከተልኩት በእግሬ እወጣለሁ። ጣሪያው ላይ ስንደርስ እነዚህን ተራሮች ያሳየኛል። ቤት መሄድ አልፈልግም ነበር።»

ሁሉም ሳቀ። ልጄ በሩን ወለል አድርጋ ከፍታልኛለች። «ያ አባት እኔ ነኝ» ማለት ብቻ ነው የቀረኝ።

ሚስተር ሞሪ አንዴ እሷን አንዴ እኔን ያዩ ነበር። «ይቅርታ» አሉ በዝግታ። «ከጠዋት ጀምሮ አያለሁ። እርስዎና እሷ እጃችሁን ወደ ኋላ አጣምራችሁ ነው የምትሄዱት። አካሄዳችሁ አንድ ነው። አባቷ ነዎት?»

ሶልያና አየችኝ። ትጠብቃለች። ከጎኔ ደግሞ ወይዘሮ ጽጌ ፖማቸውን እንደያዙ ይጠብቃሉ። ዓይኔ ላይ የመጣችው ልጄ አይደለችም፤ ምን ልበላችሁ፣ እናንተ ናችሁ የመጣችሁብኝ። የእሁዱ ግቢ፣ «ካሊፎርኒያ አላልክም እንዴ?» የሚለው ፊታችሁ።

«ኖ፣ ኖ» አልኩ እየሳቅኩ። «ዛሬ ነው የተያየነው።» ምላሴን በቆረጠው፣ እሱም አልበቃኝ ብሎ ወደ ወይዘሮ ጽጌ ዞሬ በአማርኛ ደገምኩት። «እኔ ልጅቷን አላውቃትም።»

ውሃው ይጮሃል፤ ግን ሰምታለች። ኮፍያዋን ዝቅ አደረገች። «በአሥር ደቂቃ እንነሳለን» አለች ለሁሉም፤ የኩኪ ወረቀት መልቀም ጀመረች።

8 ሰዓት፣ ቁልቁለቱ

ስንወርድ አበባ አልነበረም። እኔም ልደርስባት፣ ብቻዋን ላገኛት ብዬ ስጣደፍ ልሙጥ ድንጋይ ረግጬ ተንሸራተትኩ። ቁርጭምጭሚቴ ዞረ። «ወይኔ!» ብዬ ቁጭ አልኩ።

ሮጣ መጣች። ጫማዬን ፈታች፣ በጣቷ እየተጫነች «እዚህ ያምዎታል፣ ሰር? እዚህስ?» ትለኛለች። በፋሻ ጠቀለለችው። «አልተሰበረም» አለች። ከዚያ ከቦርሳዋ የፈረምኩበትን ወረቀት አወጣች። ሰው ከተጎዳ አጠገቡ ሆና መጻፍ፣ የሚጠራውንም ሰው ማረጋገጥ አለባት።

«የሚጠራው ሰው?»

«ተጽፏል እኮ» አልኩ።

ያን ጊዜ ነው በዚያ ቀን ለመጀመሪያ ጊዜ ለእኔ አማርኛ ያወጣችው። በዚያ ፊደሉን እኔ ባስተማርኳት፣ ትንሽ ጎበጥ በሚል አማርኛዋ።

«አላውቃትም አልክ አይደል?» አለችኝ። በስሟ ላይ መስመር አሰመረችና እስክሪብቶውን ሰጠችኝ። «የምታውቀውን ሰው ጻፍ።»

«ሶሊ፣ ይቅርታ፣ እኔ እኮ...»

«ሰው እየጠበቀ ነው፣ አባቢ። ጻፍ።»

ሃያ ስድስት ዓመት በኖርኩበት ከተማ የምጽፈው አንድ ስም አጣሁ። ቁልቁል ሲያዩን የነበሩት ወይዘሮ ጽጌ ዱላቸውን ተደግፈው ጎንበስ አሉና «የእኔን ይጻፉ» ብለው ስልካቸውን ቁጥር በቁጥር ነገሩኝ። ጻፍኩ። ዝምድና ከሚለው ጎን ምን ብዬ ልሙላ? ባዶውን ተውኩት።

11 ሰዓት፣ መልስ

ዳውንታውን ስንደርስ ሶልያና በር ላይ ቆማ ሁሉንም እየጨበጠች አሰናበተች። ሚስተር ሞሪን አቀፈቻቸው። ለእኔም እጇን ዘረጋች። «ከእኛ ጋር ስለተጓዙ እናመሰግናለን፣ ሰር። በረዶ ያድርጉበት።» ቫኑ ሄደ።

በዚህ እግርዎ አይነዱም ብለው ወይዘሮ ጽጌ በመኪናቸው ወደ አውሮራ ወሰዱኝ። መንገድ ላይ ወሬ የጀመርኩት እኔ ነኝ። «ወይዘሮ ጽጌ፣ ያቺ ልጅ...»

«አውቃለሁ» አሉኝ። «ሶልያናን ሰንበት ትምህርት ቤት እያለች ጀምሮ አውቃታለሁ። ጸጉሯን ስለቆረጠች የምንረሳት መሰልዎት? ተራራ እንደምትመራም ሁላችንም እናውቃለን። የኔ ልጅ ራሱ ሁለት ጊዜ አብሯት ወጥቷል። ከእሷ ጋ ውጪ ብሎ ነው የላከኝ።»

«ታዲያ በየሳምንቱ ዶክተሯ እንዴት ናት ትሉኛላችሁ?»

«እርስዎ ነዎት እንዲህ የጀመሩት። አንድ እሁድ እውነቱን ይነግሩን ይሆናል ብለን ነበር። ዛሬም ጠዋት ቫኑ ውስጥ የጠየቅኩዎ ለዚያ ነው።»

አፈር ብበላ ተመኘሁ። ከማን ነው ስደብቃት የኖርኩት? እናንተ ታውቃላችሁ። ያቺን ዘጠኝ ሰው መሀል የካድኳትን ልጅ እኔ ብቻ ነበርኩ አላውቃትም ባይ።

ስለዚህ ወዳጆቼ፣ እሁድ ስታገኙኝ ካሊፎርኒያን አታንሱብኝ። ልጄ ሶልያና ትባላለች። የምትኖረው እዚሁ ዴንቨር ነው። ሰው ይዛ ተራራ ትወጣለች፣ የደከመውን ሳታሳፍር ታሳርፋለች። ተመዝገቡና አብራችኋት ውጡ። እንዴት ናት የምትሉኝን ግን እናንተው ጠይቁልኝ። የእኔን ስልክ አታነሳም።