አሥራ አንድ መሸኛ

ፀሐይነሽ ሰው መናቅ ትችልበታለች። ቢቸና ከመጣች ሁለት ዓመቷ ነው። ቀን ቀን ግንባታ ላይ ድንጋይና አሸዋ ታቀብላለች፤ ከሥራ ስትወጣ ደግሞ ከከተማው ጫፍ ካለው የግጦሽ ሜዳ አሥር ሴቶች ሰብስባ ኳስ ታጫውታለች። አሥሩም እንደ እሷ ከአባይ ማዶ ተባርረው የመጡ ናቸው። እዚያ ሳሉ «ጎህ» የሚባል ቡድን ነበራቸው፤ በረኛዋም አምበሏም እሷ ነበረች። ከዚያ ቡድን እዚህ የደረሱት እሷን ጨምሮ ስድስት ናቸው። የጎደሉትን አምስት ከተፈናቃዮች መጠለያ ለቅማ ሞላች። ከአምስቱ ሁለቱ ኳስ ሲመጣባቸው ዓይናቸውን ይጨፍናሉ። ይህን ትንቃለች፤ ሳይጨፍኑ እስኪመቱ ድረስ ግን ከሜዳ አትለቃቸውም።

በሁለት ዓመት ውስጥ ሊጎበኛቸው የመጣው ሰው ብዛት ለጉድ ነው። ማሊያ ይዞ ይመጣል፣ ያለብሳል፣ ፎቶ ያነሳል፣ ከዚያ ማሊያውን አስወልቆ ይሄዳል፤ ለሚቀጥለው መጠለያ ያስፈልገዋላ። አንዱማ «እስቲ ትንሽ አዘን በሉ» ብሏቸው ነበር። ፀሐይነሽ ጥርሷን እስከ መንጋጋዋ አሳየችውና ፎቶው ሳይወጣ ቀረ።

ከዚያ ሞጣ ላይ «የወንድማማችነት ዋንጫ» የሚባል የሴቶች ውድድር ታወጀ። ለሴቶች ውድድር ይህን ስም ያወጣለትን ሰው አግኝታ ፊቱን ብታየው ደስ ይላት ነበር። ያገኘችው ግን የውድድሩን ኮሚቴ ጸሐፊ፣ ስጦታው የሚባለውን ነው። ለምዝገባ ቢቸና መጥቶ አንድ ሆቴል በረንዳ ላይ ተቀምጧል፤ ደረት ኪሱ ላይ ሦስት እስክሪብቶ ደርድሯል፤ የሚጽፈው በአራተኛው ነው።

«መሸኛ» አላት።

«የምን መሸኛ?»

«ከለቀቃችሁበት ቀበሌ የተጻፈ፣ ማህተም ያለው። ያለ እሱ ማን መሆናችሁን በምን አውቃለሁ?»

«ቀበሌው እኮ ተቃጥሏል።»

ስጦታው አዘነ። ማዘን የሥራው አንድ ክፍል ነው። «አውቃለሁ እህቴ፤ ግን አሠራር ነው» አለና አሥራ አንድ የታተመ ቅጽ ቆጥሮ ሰጣት። «የለቀቀችበት ምክንያት የሚለው ላይ ደግሞ ተፈናቅላ ምናምን የሚል እንዳይሞላ። እሱ የእርዳታ ጉዳይ ነው፣ እኛን አይመለከትም። በራሷ ፈቃድ ይበል።» እስከ ዓርብ ካላቀረበች ቡድኑ እንደማይመዘገብ፣ «ደህና ደህናዎቹን» ግን ለየከተማው ቡድን አከፋፍሎ እንደሚያጫውት ጨመረላት። ጎህ አበቃላት ማለት ነው።

የሚያናድደው ማህተሙ መኖሩ ነው።

አቶ ይታያል የዚያ የተቃጠለው ቀበሌ ሊቀ መንበር ነበሩ። ያን ቀን ሰው ልጁን አዝሎ፣ እናቱን ደግፎ ሲሮጥ እሳቸው ማህተም ይዘው ወጡ። ሁለት ዓመት ሙሉ በካልሲ ጠቅልለው ከወገባቸው ፈትተውት አያውቁም። የሚያስተዳድሩት ቀበሌ የለ፣ የሚያትሙት ወረቀት የለ፤ መጠለያው ውስጥ አንድ ሰው «ሊቀ መንበር» ብሎ ከተጣራ ግን ቀና ብለው ይዞራሉ። ፀሐይነሽ ከሰው ሁሉ አብልጣ የምትንቀው እሳቸውን ነበር። እዚያ ሳሉ ሜዳውን ለሴት አልሰጥም ብለው የግብ ቋሚዋን አስነቅለው ለበረት ማገር ያዋሉባት ሰው ናቸው። ከመጡ ጀምሮ ሰላም ብላቸው አታውቅም።

ሐሙስ ጠዋት ሄደች። ከሸራው ደጃፍ ፀሐይ ይሞቃሉ።

«ማህተምዎን ፈልጌው ነበር» አለች።

አቶ ይታያል ተነሡ፤ ደስታቸው ያሳፍራል። ካልሲውን ፈቱ፣ ማህተሙን በጋቢያቸው ጫፍ ጠረጉ፣ መነጽራቸውን አደረጉ። የመጀመሪያውን ወረቀት አነበቡ። ደግመው አነበቡ።

«በራሷ ፈቃድ» አሉ። «ማናት እሷ?»

«ሁላችንም። እንዲያ ካላለ አይቀበሉም።»

«ይህን አላትምም።»

«ስንት ውሸት ሲያትሙ የኖሩ ሰው ዛሬ ምን አገኘዎት?»

«አትሜአለሁ» አሉ። «ላልታረሰው ታርሷል፣ ላልመጣው ተገኝቷል ብዬ አትሜአለሁ። ይችን ግን ነገ መሬታችን ስንል ያወጡብናል። ወደው ነው የሄዱት፣ ሊቀ መንበራቸውም አትሞበታል ይሉናል። ልጄ እዚያ ቀርቷል። አብራሽ የምትጫወተው የወለተ ሐናም ወንድም እዚያ ነው። አፈር እንኳ አላለበስናቸውም።»

ፀሐይነሽ መረታት አትወድም፤ በተለይ በእሳቸው ፊት። «እርስዎ ድሮም ኳሳችንን አይወዱትም» አለች፣ ነገሩ ሌላ መሆኑን ልቧ እያወቀ።

«አልወደውም» አሉ አቶ ይታያል። «ልጆቹን ሰብስቢና አንብቢላቸው። ይሁን ካሉ አንቺው አትሚው።» ማህተሙን ወረቀቱ ላይ አስቀምጠው ወደ ሸራቸው ገቡ።

ያን ዕለት ሜዳው ላይ ሰበሰበቻቸው። አላነበበችላቸውም። «ለሞጣው ነው፣ ፈርሙ» አለቻቸው። ማንበብ የሚችሉት ፀሐይነሽ ካለች ብለው አላነበቡም። ወለተ ሐና ፊደል አልቆጠረችም። የግራ ተከላካይ ናት፤ ፀሐይነሽ ከኋላዋ የጮኸችላትን ሁሉ ታደርጋለች፣ ለምን ብላ ጠይቃ አታውቅም። «እዚህ ጋ ነው?» እያለች አውራ ጣቷን ቀለም ነክራ አሳረፈች። ፀሐይነሽ አሥራ አንዱንም በገዛ እጇ አተመች።

ዓርብ ዕለት ሁሉንም አሰልፋ ወሰደቻቸው። ስጦታው ያየው ማህተሙን ብቻ ነው። አሥራ አንድ ሴቶች ፊቱ ቆመው ማንነታቸውን ያላመነ ሰው፣ የሌለ ቀበሌ ማህተም ሲያይ አመነ። «ይኸው፣ ሲፈለግ ይገኛል» አላት። ፀሐይነሽ ልትንቀው ሞከረች፤ እንደ ወትሮው አልሆነላትም።

እሑድ ሞጣ ገቡ። የክብር እንግዶች ድንኳን ሥር ሶፋ ላይ ተደላድለዋል፤ ግማሾቹ ጨዋታው ሳይጀመር እንቅልፍ ጥሏቸዋል። የሞጣዎቹ ተጫዋቾች አዲስ ታኬታ አድርገዋል፤ ጎሆች አራቱ በሸራ ጫማ ናቸው። ሁለቱ ቡድኖች እጅ ለእጅ ተያይዘው ተሰለፉ፤ ወለተ ሐና ከፀሐይነሽ ጎን ነበረች። ስጦታው ድምፅ ማጉያውን ጨበጠ። ድምፅ ማጉያ የያዘ ሰው ባጭሩ እንደማይለቅ የታወቀ ነው። ከስንት ምስጋና በኋላ አንዱን መሸኛ ከፍ አድርጎ አሳየ።

«እነዚህ የጎህ እህቶቻችን ደግሞ፣ ሊቀ መንበራቸው አትመው እንዳረጋገጡልን፣ ማንም ሳያስገድዳቸው፣ በራሳቸው ፈቃድ ቀያቸውን ለቀው፣ እኛን መርጠው የመጡ ናቸው።»

ሕዝቡ አጨበጨበ። ከልቡ ነው ያጨበጨበው።

ወለተ ሐና መጀመሪያ አልገባትም። ወደ ድምፅ ማጉያው አየች፣ ከዚያ ወደ ፀሐይነሽ ዞረች።

«ያስፈረምሽን ይህን ነው?»

ፀሐይነሽ ዓይኗን ወደ ድንኳኑ መለሰች።

«ፀሐይ፣ ወንድሜ እኮ እዚያ ነው።»

«ምን ላድርግ፣ አሠራር ነው» አለች ፀሐይነሽ። ከአፏ ሲወጣ ራሷ ሰማችው።

ወለተ ሐና እጇን ለቀቀቻት። አልጮኸችም፣ አልተሳደበችም፤ ከእግር እስከ ራሷ አየቻት። ፀሐይነሽ ያን አስተያየት አሳምራ ታውቀዋለች፤ ሁለት ዓመት ሙሉ ሌላውን ሰው ስታይበት የኖረችው ነው። ወሬው ከወለተ ሐና ወደሚቀጥለዋ፣ ከዚያም ወደሚቀጥለዋ እየተሻገረ እስከ ሰልፉ ጫፍ ደረሰ። ዳኛዋ ፊሽካዋን ነፋች፣ ሁሉም ወደየቦታው ሄደ፣ ፀሐይነሽም ወደ ግቡ ሄዳ ቆመች። ዘጠና ደቂቃ ሙሉ ከቡድኗ ማንም ወደ ኋላ ዞሮ አላያትም።