ባሌና የቬትናሙ መነኩሴ

ናዝሬት ያለው ጸሎት ቤታችን ታሽጎ የቀበሌ አዳራሽ ከሆነ በኋላም እሁድ እሁድ ጠዋት እዚያው እንሄድ ነበር፤ ለጸሎት ሳይሆን ለውይይት። መቅረት አይቻልም። የጉባኤው ሽማግሌ የነበረው ባሌ፣ ይሰብክበት ከነበረው መድረክ ፊት ለፊት ተቀምጦ ስለ ላብ አደሩ ይሰማል።

አንድ እሁድ ካድሬው ከመጽሔት የተቆረጠ ፎቶ አዞረ። አንድ የቡድሃ መነኩሴ ቬትናም ውስጥ፣ አስፋልት መሃል እግሩን አጣምሮ ተቀምጧል፤ ከነሕይወቱ እየነደደ ነው። «የኢምፔሪያሊስት አሽከሮች ሃይማኖቱን ቢነኩበት ራሱን አቃጠለ። ጀግና ማለት ይህ ነው!» አለ ካድሬው። አጨበጨብን። ባሌ ግን ፎቶውን ይዞ ቀረ። ካድሬው ምን እንዳደረገ አልገባውም፤ እኔ ግን አሥራ ስድስት ዓመት አብሬው ኖሬያለሁና ወዲያው ገባኝ።

ከዚያ ወዲያ ቤታችን ሌላ ወሬ ጠፋ።

«ጣዖት አምላኪው ለእምነቱ ይህን ካደረገ እኛ ምን ሠራን? በየጓዳው መደበቅ!»

«ራስን መግደል ኃጢአት ነው።»

«እነዚያ የባቢሎን ሦስቱ ብላቴኖችስ?»

«እነሱን ንጉሡ ጣላቸው እንጂ ራሳቸው ዘለው አልገቡም።»

በክርክር የተረታ ወንድ ያስፈራል።

«በከሰል አብስዪ» አለኝና በኩፖን የምናገኘውን ነጭ ጋዝ አልጋ ሥር በጀሪካን ያጠራቅም ጀመር። ለማን ልናገር? ለቀበሌ ብናገር ይወስዱታል። ለአንዲት የእምነት እህቴ ብነግራት «ሦስት ቀን እንጹም» አለችኝ። ጾምን፤ ጸለይን፤ ጀሪካኑም ሞላ።

ብደብቀው ሌላ ያጠራቅማል። ስለዚህ አንድ ቅዳሜ ጠጉሩን ሊስተካከል ሲወጣ፣ ጋዙን ሽንት ቤት ደፍቼ ውሃ ሞላሁበት። እንዳይነቃብኝ አፉን በጋዝ ጨርቅ ወለወልኩት። በብልሃቴ ኮርቼ ነበር፣ እግዚአብሔር ይቅር ይበለኝ።

በማግስቱ የሠርጉን ሙሉ ልብስ ለብሶ ወጣ። ሮጬ ደረስኩ። አዳራሹ በር ላይ እንደ መነኩሴው እግሩን አጣምሮ ተቀመጠና «ጸሎት ቤታችንን መልሱ!» ብሎ ጀሪካኑን አናቱ ላይ ደፋው። ሰዉ ጮኸ። ክብሪት ጫረ፤ እምቢ አለ። ደገመ። ሣጥኑ ርሶ በእጁ ላይ ተበጣጠሰ። በመጨረሻ አንዱ ሳቀ፣ ከዚያ ሁሉም። «በውሃ የሚቃጠል ጴንጤ!» አለ ካድሬው ሆዱን ይዞ። የራሳችን ወንድሞችም ሳቁ፤ ፈርተው ይሆናል።

ከሁለት ወር እስር በኋላ «አእምሮው ልክ አይደለም» ብለው ለቀቁት። ቤት እንደገባ ጠየቀኝ።

«ጋዙን ማን ደፋው?»

«እኔ።»

«ሲስቁ ሰምተሻል?»

«ሰምቻለሁ።»

ከዚያ ወዲያ አንስቶት አያውቅም። አብረን በላን፣ ልጆች ዳርን። መንግሥት ተለውጦ ጸሎት ቤቱ የተመለሰልን ዕለት ልብሱን ተኩሼ አቀረብኩለት። ነጠላዬን እስክለብስ ጠበቀኝና፣ «እኔ የምሞተው እዚያ በር ላይ ነበር፤ ለሳቅ ያተረፍሽኝ አንቺ ነሽ። አንቺ ሂጂ» አለኝ።

ብቻዬን ሄድኩ።