የአካኮ ሰላምታና የእኔ ሒሳብ

ትናንት ቀኑን ሙሉ ከልጄ ኮምፒዩተር ላይ ጌም ሳጠፋ ዋልኩ። አንዱን አጥፍቼ ወደ ሌላው ስዞር የመጀመሪያው ሌላ ጥግ ላይ ተቀምጦ አገኘዋለሁ። ማሽኑ ደግሞ በየደረጃው እርግጠኛ መሆኔን ይጠይቀኛል። እርግጠኛ ባልሆን ለምን ከጠዋት ጀምሮ ቁጭ ብዬ ዓይኔን አፈዛለሁ? ልጄ የስምንተኛ ክፍል ፈተና ደርሶበት መጽሐፉን ከፍቶ አያውቅም፤ በሩን ተደግፎ ለቅሶ ቤት እንደመጣ ሰው አንገቱን ደፍቶ ያየኛል። ንድድ ብሎኝ ሳለ ያ «እርግጠኛ ነሽ ወይ» የሚለው ጥያቄ እንደገና ብቅ አለ፤ ይሄኔ የጎባው ቤታችን ትዝ አለኝ። ያኔ እንዲህ ብሎ የሚጠይቀን ቢኖር ኖሮ ሒሳብ እችል ነበር።

ልጅ እያለሁ፣ በደርግ ዘመን፣ ጎባ ውስጥ ኮምፒዩተር የነበረው ቤት የእኛ ብቻ ሳይሆን አይቀርም። አባቴ ከመኖሪያ ቤታችን ፊት ለፊት አቡጀዲና ሳሙና የሚሸጥባት ሱቅ ነበረችው። ታናሽ ወንድሙ አጎቴ ጀማል ምሥራቅ ጀርመን ለትምህርት ተልኮ ስለነበር፣ ትምህርቱን ጨርሶ በሚመለስ ጓደኛው እጅ ያንን ዕቃ ላከልን። ላዩ ላይ እንደ ጽሕፈት መኪና ቁልፎች የተደረደሩበት ጠፍጣፋ ሳጥን ነው። ከቴሌቪዥን ጋር ይገጠማል፤ የሚያውቀውን ሁሉ የሚያገኘው ግን ከካሴት ነበር። ቴፑን በሽቦ አገናኝተን ስናጫውተው ካሴቱ ጆሮ የሚበሳ ጩኸት ይጮሃል፣ ጩኸቱ ሲያበቃ በውስጡ ያለው ነገር ቴሌቪዥኑ ላይ ይወጣል። እናቴ ያንን ጩኸት በሰማች ቁጥር «አዑዙ ቢላህ» እያለች ከክፍሉ ትወጣ ነበር። የጎባ ብርድ አጥንት ስለሚሰብር በርና መስኮት ዘግተን ነው የምንቀመጠው፤ የሞቀው የፕላስቲክ ሽታ ከአዲስ አቡጀዲ ሽታ ጋር ተቀላቅሎ አሁንም አፍንጫዬ ላይ አለ።

ካሴቱ አንድ ብቻ ነበር። መጀመሪያው ላይ ጌሞች ተሰልፈዋል፦ ነጥብ እየበላ የሚረዝም ትል፣ በሁለት ዱላ የምትመታ ኳስ፣ ሌላም ሌላም። መጨረሻው ላይ ግን ጀማል ራሱ ለእኔ ብሎ የሠራው የክፍልፋይ ትምህርት አለ። ስሜን በላቲን ፊደል ጽፎ «ዘሃራ» ብሎ ይጠራኛል፣ ጥያቄ ያወጣል፤ ስሳሳት አይቆጣም፣ እንደገና ይጠይቀኛል። በክፍልፋይ ምክንያት በመምህራችን ጥፍር ጆሮዬ ሲጠመዘዝ ለኖርኩት ለእኔ፣ የማይቆጣ አስተማሪ ማለት ጀነት ነበር። በዚያ ላይ የስድስተኛ ክፍል ሚኒስትሪ እየደረሰ ነው። አባቴም ከወደቅሽ ሱቅ ትቆሚያለሽ ብሎኝ ነበር፤ አባቴ ደግሞ ያለውን የሚያደርግ ሰው ነው።

ችግሩ ወንድሞቼ ከድርና ኑሬ ነበሩ። መብራት የሚመጣው ሲመሽ ነው፤ ገና ብልጭ ከማለቱ ሁለቱ ሳጥኑ ላይ ይሰፍራሉ፣ የሰፈሩ ልጅ ሁሉ ጫማውን በር ላይ አውልቆ ይገባል፣ ከዚያ ትሉ ሲረዝም ማየት ነው። እኔ በስተኋላ ቆሜ ተራዬን እጠብቃለሁ። ትሉ ይሞታል፣ ይነሳል፣ እንደገና ይሞታል፤ ተራዬ ሲደርስ ወይ እራት ይቀርባል ወይ መብራቱ ይሄዳል። አንድ ቀን ምርር ብሎኝ ሱቅ ድረስ ሄጄ አባቴ ፊት አለቀስኩ። አባቴም ልጆቹ የምሽቱን የመግሪብ ሰላት እያሳለፉበት ተናዶ ስለነበር ብዙ አላሰበም፤ ጌሞቹ ከቤቱ እንዲጠፉ፣ ትምህርቱ ብቻ እንዲቀር ፈረደልኝ። የዚያን ዕለት የተሰማኝን ደስታ ሳስታውስ እስካሁን እበግናለሁ።

ካሴት ላይ ያለን ነገር ማጥፋት የሚቻለው ሌላ ነገር በላዩ ላይ በመቅዳት ነው። ጀማል ደግሞ በደብዳቤው ሁሉ ድምፃችሁን ላኩልኝ እያለ ይለምናል። በዚያ ጊዜ ውጭ አገር ሰው ያለው ቤተሰብ ተሰብስቦ ሰላምታውን በካሴት ቀድቶ መላክ የተለመደ ነበር፤ ባዶ ካሴት ግን እንደልብ አይገኝም። አባቴ ሁለቱን ጉዳይ አንድ ላይ ሊጨርስ ወሰነ። በጌሞቹ ላይ ሰላምታችንን እንቀዳለን፣ እኔ ክፍልፋዬን ተምሬ ሚኒስትሪ ከተፈተንኩ በኋላ ካሴቱ ለጀማል ይላካል። እንዳይቀዳበት ተብሎ የተሰበረውን የካሴቱን ጥግ በወረቀት ደፈነው። እኔም ትምህርቴ የት እንደሚጀምር ከቴፑ ቆጣሪ ላይ አይቼ ቁጥሩን መዳፌ ላይ በእስክሪብቶ ጻፍኩ። ቆጣሪው እዚያ ሳይደርስ ማቆም ብቻ ነው፣ ከዚህ የቀለለ ነገር ምን አለ?

አካኮ ባይመጡ ኖሮ እውነትም ቀላል ነበር። አካኮ፣ በኦሮምኛ «አያቴ» ብለን የምንጠራቸው፣ የአባቴ አጎት ናቸው፤ አያታችን ስለሞቱ ጀማልን ከሕፃንነቱ ጀምረው አገራቸው ዲንሾ ወስደው ያሳደጉት እሳቸው ነበሩ። ድምፅ ሊቀዳ ነው ሲባሉ አንድ ማዳበሪያ ገብስ ይዘው፣ ነጭ ጥምጣማቸውን አስረው ከተፍ አሉ። ጀማልን ካዩት ዓመታት አልፈዋል፤ በሕይወቴ አላገኘው ይሆናል እያሉ ሲተክዙ እኛም እንሰማ ነበር። አባቴ የሰላምታው መጀመሪያ እንዳይቆረጥ ብሎ ካሴቱን ትንሽ አሳልፎ መቅዳት ጀመረ። እሱ አጭር ተናገረ፣ እናቴ ከእሱ አጠረች፣ ወንድሞቼ ጌማቸው እየጠፋ ስለነበር እንደ እስረኛ አጉረመረሙ፣ እኔ አመስግኜ ጨረስኩ። ቆጣሪው ገና ብዙ ይቀረው ነበር። ከዚያ አካኮ ወደ ቴፑ ጠጋ ብለው ተቀመጡ።

የባሌ ሰው ሰላምታ ያለ መልስ አይሄድም። አንዱ ይጠይቃል፣ ሌላው ይመልሳል፣ ከዚያ ቀጣዩ ይጠየቃል። አካኮ «ጀማል፣ ነጋያ?» ብለው ሰላም መሆኑን ጠየቁና መልሱን ጠበቁ። ቴፑ ዝም። «ፈያዳ?» ብለው ጤናውን ጠየቁ፤ አሁንም ዝም። የማይመልስ ሰው ታሟል ማለት ነው፤ ደንገጥ ብለው ከመጀመሪያው ጀመሩ። ጀማል አሁን እንደማይሰማቸው አባቴ ሊያስረዳ ሲሞክር በእጃቸው ዝም አሰኙት። በመጨረሻ እናቴ ጨነቃትና በጀማል ፈንታ «አልሐምዱሊላህ» ብላ መለሰች። ይሄኔ አካኮ ደስ አላቸው፣ ነገሩም ተከፈተ። «ወሪ ነጋያ? ሎን ነጋያ?» እያሉ ቤተሰቡን፣ ከብቱን፣ ዝናቡን፣ አዝመራውን ጠየቁ። ጀማል በርሊን ውስጥ አንዲት ክፍል እንጂ በረት አልነበረውም፤ እናቴ ግን ላሞቹም ደህና ናቸው አለች። ሳቄ መጥቶ ነበር፣ ቆጣሪውን ሳይ ጠፋ።

ጥያቄው ሲያልቅ ተመስገን ብዬ ሳልጨርስ አካኮ እጃቸውን ለዱአ ዘረጉ። ሁላችንም ዘረጋን። እኔም ዘረጋሁ፤ መዳፌ ፊቴ ላይ ተከፍቶ ቁጥሩ ወለል ብሎ ይታየኛል፣ ከመዳፌ ባሻገር ቆጣሪው እየተሽከረከረ ወደዚያው ቁጥር ይጠጋል። ሽማግሌ ዱአ ላይ እያለ ማቋረጥ በእኛ ቤት የሚታሰብ ነገር አልነበረም።

«አባ፣ እየደረሰ ነው» አልኩት በሹክሹክታ።

አባቴ ቆጣሪውን አየ፣ አካኮን አየ፣ ዓይኑን ጨፈነና «አሚን በይ» አለኝ።

ቁጥሩ አለፈ። አካኮ ለጀማል፣ ለአገሩ፣ ለዝናቡ፣ ለሙታኖቻችን ለመኑ፤ ቀጥለው ወደ እኔ ዞሩ። «ያ አላህ፣ ይቺን ልጅ አስተምርልን። እንደ ጀማል የተማረች አድርጋት» አሉ። ትምህርቴ ዓይኔ እያየ በዚያ ዱአ እየጠፋ ነበር፤ እኔም ጥርሴን ነክሼ አሚን አልኩ። ዱአው ያበቃው ካሴቱ አልቆ ቴፑ ቀጭ ብሎ ሲቆም ነው። አካኮ ድምፁን ሰምተው ጀማል የተሰናበታቸው መሰላቸው፤ እንባቸውን በጥምጣማቸው ጫፍ ጠረጉ።

በማግስቱ መብራት ሲመጣ ካሴቱን ሞከርነው። ክፍልፋዬ የለም። አባቴ አሳልፌ ልጀምር ባላት ትንሽ ቦታ ላይ የነበረው ግን በሙሉ ጤንነት ወጣ፤ ትሉ ነበር። ወንድሞቼ ጨፈሩ፣ እኔ ሱቅ ውስጥ ገብቼ አቡጀዲ ጥቅል ላይ ተደፍቼ አለቀስኩ። ቀስ ብሎ የሚያስተምረኝ ጠፍቶ ሆዳሙ ትል ቀረ። አባቴ ከረሜላ ሰጠኝ፤ የካሰኝ በዚያ ነው። ካሴቱ ያለ ቀጠሮው በሚቀጥለው መንገደኛ እጅ ተላከ፣ ሳጥኑም ጥልፍ ልብስ ለብሶ የቤት ጌጥ ሆነ። ሚኒስትሪውን አልፌያለሁ፤ ሒሳቡ ግን እንደ ምንም ነው ያለፈው። ጀማል ደርግ ከወደቀ በኋላ ካሴቱን ይዞ ሲመለስ አካኮ በሕይወት አልነበሩም። ያንን ትምህርት እንደገና ሥራልኝ ስለው በአንድ የዕረፍት ጊዜ የሠራው እንደነበርና ቅጂ እንዳላስቀረ ነገረኝ። ጭራሽ አኮረፍኩት።

ዛሬ ጌም ማጥፋት በአንድ ጣት ነው፣ ተመልሶም ይመጣል። ሰላምታውም እንደዚያው ቀሏል፤ ጀማል ራሱ አሁን በስልክ «ሰላም ነው?» ይልና መልሴን ሳይሰማ ወደ ጉዳዩ ይገባል። ትናንት ማታ ያልጠፋውን ጌም ትቼ ያንን ካሴት አውጥቼ አሮጌው ቴፕ ውስጥ ከተትኩት። መጀመሪያ ትሉ ጮኸ፤ ልጄ ምንድነው ብሎ ሮጦ መጣ። ከዚያ የሁላችን ድምፅ፣ ከዚያ አካኮ። ትምህርቴ የነበረበት ቦታ ሲደርስ «ይቺን ልጅ አስተምርልን» የሚለው ተሰማ፤ ልጄ አጠገቤ ቁጭ ብሎ አሚን አለ። በዚያች ቅጽበት ማሽኑ ይህን ዱአ አጥፍቼ ትምህርትሽን ልመልስልሽ፣ እርግጠኛ ነሽ ወይ ብሎ ቢጠይቀኝ አይደለሁም እል ነበር። ያቺ የጎባዋ ልጅ ውስጤ አሁንም አኩርፋለች፣ አልዋሽም። ግን ካሴቱን መልሼ አጫወትኩት፤ አካኮ «ነጋያ?» ብለው ሲጠብቁ፣ እናቴ ሳትቀድመኝ «አልሐምዱሊላህ» አልኳቸው።